ያልተነፋው የወቀሳ ቀንድ

ንጉሥ ድልአርድ በሞተ በሰባተኛው ዓመት፣ በሙት ዓመቱ ማለዳ፣ ስምንት ጎበዛዝት ገፍተው የዘጉት የመቃብሩ የድንጋይ በር ተከፍቶ ተገኘ። ዘበኞቹ ዘጉት። በማግስቱም ተከፍቶ አደረ። በሦስተኛው ቀን ደግሞ፣ ንጉሡ በሕይወቱ ሳለ ከጌርሳ ሸለቆ ጠልፎ ወደ መናገሻው ወደ ሐርሰማ ያመጣው ወንዝ መረረ። ሕፃናት ቀምሰው ተፉት፤ ከብቶች አሽትተው ተመለሱ። የናድራ ሽማግሌዎች እርስ በርሳቸው ተያዩ። ምክንያቱን ሁሉም ያውቀዋል፤ ደፍሮ የሚናገረው ግን ጠፋ።

በሌላው አገር «ንጉሥ አይከሰስ፣ ሰማይ አይታረስ» ይባላል። በናድራ ግን ንጉሥ ይከሰስ ነበር። በዓመት አንድ ቀን ዘውዱን አውልቆ ከዙፋኑ ይወርድና ባዶ መሬት ላይ ይቀመጣል። ወቃሽ የሚባለው ሹም ከፊቱ ቆሞ የዓመቱን ጥፋት አንድ በአንድ ይነግረዋል። ንጉሡ ማስተባበል አይችልም፤ መቆጣትም አይችልም፤ የተፈቀደለት መልስ «ሰማሁ» ብቻ ነው። ወቀሳውንም መልሱንም ጥቁሩ የወቀሳ ቀንድ ውጦ ያስቀራቸዋል። ንጉሡ ሲሞት አወዳሹ ውዳሴውን ያሰማል፣ ቀንዱም ይነፋል፣ ከዚያ በኋላ መቃብሩ ይዘጋል። ሁለቱን ሳይሰማ የተቀበረ የሙታንን ደፍ አይሻገርም።

ድልአርድ ሲቀበር ውዳሴው ሦስት ቀን ሙሉ ተሰማ። ቀንዱ ግን አልተነፋም። ጠፋ ተባለ፤ የፈለገውም አልነበረም።

የናድራ ሰው እንዲህ ነው። ድልአርድ በቁሙ ሳለ ገበያው ሁሉ ያማው ነበር። ቦይ ሲያስቆፍር «ፍልፈሉ ንጉሥ» አሉት። ከጠላት ሲታረቅ ፈሪ፣ ሲዋጋ ደም የጠማው አሉት። በሞተ ማግስት ያው አፍ «የድልአርድ አጥንት እሾህ ሆኖ ይውጋኝ» እያለ ይምል ጀመር። ሰው ካልሞተ ወይ ካልሄደ አይመሰገንም ማለት ይኸው ነው። ምስሉ በየአደባባዩ ቆመ፤ ስሙን በክፉ ያነሣ ሁሉ ታሰረ። ሃያ ዓመት ሙሉ ንጉሡን ፊት ለፊት ሲናገረው የኖረው ወቃሽ ገረመው እንኳ «ሙት ወቃሽ» ተብሎ ቤቱ በድንጋይ ተደበደበ። በሐዘን ታሞም ሞተ።

ይህ ገረመው አንዲት ልጅ ነበረችው፤ ልምላሜ ትባላለች። የጌርሳ ልጅ ናት። ወንዙ በተጠለፈ በዓመቱ እናቷንና ታናሽ ወንድሟን በጥም ዘመን በሽታ ቀብራለች። አባቷ የመጨረሻ ወቀሳውን ያሰማው ስለዚያ ወንዝ እንደነበረ ታውቃለች። ንጉሡ ታሞ ተኝቶ ነበር፤ ገረመው ራስጌው ቆሞ ተናገረው፤ ንጉሡ ግን ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ዝም አለ። ቀንዱ መልሱን እስኪቀበል አልጋው አጠገብ ተተወ፤ ንጉሡም በሦስተኛው ቀን ሞተ። «ሳይሰማኝ ሞተ፣ ልጄ» ይል ነበር አባቷ እስኪሞት ድረስ። ልምላሜ ድልአርድን የጠላችው በዚህች ቃል ነው።

ወጣቱ ንጉሥ ኢያር፣ የድልአርድ ልጅ፣ ሕዝቡን በመቃብሩ አደባባይ ሰብስቦ «ቀንዱን የሚያመጣልኝ ማን ነው?» ብሎ ሲጠይቅ ወንዱ ሁሉ አቀረቀረ። ልምላሜ ከሰው መሐል ወጣች።

«እኔ አመጣዋለሁ፣ ጃንሆይ! በእናቴ መቃብርና በጌርሳ አፈር እምላለሁ፤ ይህ ቀንድ በአባትዎ ራስጌ እስኪነፋ ድረስ ፀጉሬን አልሠራም፣ ከጣራ በታችም አላድርም!»

«ሙት ወቃሽ!» አለ አንዱ ከኋላ። ሌላውም ተቀበለው። ከእሷ ጋር የሚሄድ ሲፈለግ አንድም ሰው አልተንቀሳቀሰም።

ያን ጊዜ ሊቀ አወዳሽ እንግዳሸት በትሩን እየተመረኮዘ ቀረበ። ድልአርድን ከጉብዝናው ጀምሮ ያወደሰ፣ አገር ሁሉ የሚዘፍነውን «የወንዙን ውዳሴ» የደረሰ ሽማግሌ ነው። ድምፁን የሰማ መንገደኛ መንገዱን ይረሳል ይባልለት ነበር።

«እኔ አብሬያት እሄዳለሁ» አለ። «ቀንዱ በዝማም ተራራ ዋሻ ነው። መንገዱን አውቀዋለሁ።»

እንዴት እንደሚያውቀው ልትጠይቀው ይገባ ነበር። ደስታዋ አሳታት።

አሥራ አንድ ቀን ተጓዙ። በአራተኛው ቀን ጌርሳ ደረሱ። ልምላሜ የተወለደችበት ቤት ጣራው ወድቋል፤ የወንዙ አልጋ ድንጋዩ ገጦ እንደ ከብት አጥንት ነጥቷል። ከእናቷና ከወንድሟ መቃብር አጠገብ ተቀመጠችና «አባባ እንግዳሸት» አለችው፣ «ያንን የወንዝ ውዳሴ እስቲ እዚህ ይዝፈኑልኝ። እናቴ ወንዙ የት እንደሄደ ትስማ።»

«እዚህስ አልዘፍነውም፣ ልጄ» አለ ሽማግሌው። እንባው ጢሙ ላይ ወረደ። እርጅና ነው ብላ አለፈችው።

ከጌርሳ በላይ አገሩ ሰው የለበትም። ዐመድ ክንፍ የሚባሉት አሞሮች፣ ሲበርሩ ዓይን የሚያሳውር ብናኝ የሚያራግፉት፣ ሁለት ቀን ሙሉ ተከተሏቸው። ልምላሜ በወንጭፍ ስትመልሳቸው፣ እንግዳሸት እየዘፈነ ሲያፈዛቸው፣ ስንቅ የተሸከመችው በቅሏቸው ገደል ገባች። የተረፈውን ጥሬ እየቆረጠሙ በአሥራ አንደኛው ቀን ረፋድ ላይ ዝማም ዋሻ አፍ ደረሱ።

በዋሻው ውስጥ ለጓሚት የምትባል አውሬ ተኝታ ነበር። ቁመቷ የሦስት በሬ ነው፤ ዓይን የላትም፤ ፊቷ ሁሉ ጆሮ ነው። የምትበላው ሥጋ ሳይሆን ድምፅ ነው። ጥቁሩ ቀንድ በፊት እግሮቿ መካከል ተቀምጧል።

«የተሰጠኝን አልመልስም» አለች፤ ቃሏ የብዙ ሙታን ድምፅ ተቀላቅሎበት ይሰማ ነበር። «ድምፅ ለድምፅ ካልሆነ።»

ልምላሜ ወደ ፊት ተራመደች። እንግዳሸት በበትሩ ደረቷን ከልክሎ አቆማት።

«ድምፅሽን ሰጥተሽ በምን አፍሽ ልትወቅሺ ነው? የእኔን ትውሰድ። አገሩ የመረረው የእኔ ዓይነት ድምፅ በዝቶበት ነው።»

«አባባ፣ ድምፁን የተበላ ሰው አንድ ወር አይቆይም ይባላል!»

«ይባላል» አለና ፈገግ አለ። «ልጄ፣ እዚያ ስትደርሺ ቀንዱን እስከ መጨረሻው ንፊው። ዝም ሲል ያለቀ እንዳይመስልሽ።»

ይህ የእንግዳሸት የመጨረሻ ቃል ሆነ። ለጓሚት ጆሮዋን ወደ አፉ አስጠጋች፤ ሽማግሌው ልምላሜ ከዚያ በፊት ሰምታው የማታውቀውን አንድ ዜማ አሰማ፤ ዜማው መሐል ላይ ተቆረጠ። ልምላሜ ቀንዱን አነሣች። ሽማግሌውን ደግፋ አወጣችው፣ እጁንም ሳመችው።

ሐርሰማ ሲደርሱ ሕዝቡ ከመራራው ወንዝ ርቆ መቃብሩ አደባባይ ሰፍሮ ነበር። የዘበኞቹ አለቃ ጦሩን አጋድሞ «የድልአርድ ስም አይነካም!» ብሎ መንገዷን ዘጋ።

ወጣቱ ንጉሥ ጦሩን በእጁ ገለል አደረገው። «አባቴ በር ላይ ቆሟል» አለ። «ንፊው።»

ልምላሜ ቀንዱን ነፋችው። የወጣው የነጋሪት ጩኸት አልነበረም፤ የአባቷ ድምፅ ነበር፣ ያ ጎርናናው፣ በልጅነቷ ተረት ሲነግራት የኖረው።

«ድልአርድ ሆይ፣ ሐርሰማን አጠጣህ፤ ጌርሳን ግን አስጠማህ። ሁለት መቶ ምድጃ እየጠፋ ነው። አንዱ የእኔ ቤት ነው፤ ግን ለቤቴ ብዬ አልወቅስህም። ንጉሥ ሁሉንም ልጁን ያበላል እንጂ አንዱን ገፍቶ ለሌላው አያጎርስም።»

ከዚያ ዝምታ ሆነ። ሕዝቡ ያለቀ መስሎት መንቀሳቀስ ጀመረ። ልምላሜ የሽማግሌውን ቃል አስታውሳ እንደገና ነፋች።

«ሰማሁ» አለ የድልአርድ ድምፅ። የደከመ የበሽተኛ ድምፅ ነበር። «ገረመው፣ ሰማሁ። አፍሬ ነው ፊቴን ያዞርኩብህ። ሄዷል እንዴ? ግድቡ ይፍረስ። ወንዙን ለጌርሳ መልሱ፤ ለሐርሰማ ጉድጓድ ይቆፈርላት። እንግዳሸት፣ ሂድና ልጄን ጥራልኝ፤ አደራ፣ ዛሬውኑ።»

ቀጥሎ ከቀንዱ ሌላ ድምፅ ወጣ። አገር ሁሉ የሚያውቀው፣ መንገደኛን መንገድ የሚያስረሳው፣ ያ ውብ ድምፅ ነበር።

«ይረፉ፣ ጃንሆይ። ትኩሳቱ ነው የሚያናግርዎት። ያንን የመሰለ ሥራ አፍርሰው ስምዎን አያበላሹ።»

ቀንዱ ባዶ ሆነ።

ልምላሜ ዞራ አየችው። እናቷ የሞተችው ንጉሡ ይህን ካዘዘ ከስምንት ወር በኋላ ነው፤ ወንድሟ ደግሞ በአሥረኛው ወር። ውሃው በጊዜው ቢመለስ ሁለቱም ይኖሩ ነበር። አባቷ ያልተሰማ መስሎት በቁጭት ሞተ፤ እሷም ሰባት ዓመት ሙሉ የጠላችው የሰማውን ሰው ነበር። የጌርሳን ሰው የፈጀው ንጉሡን አብዝቶ የወደደ ነው።

እንግዳሸት የሊቀ አወዳሽነት ጥምጥሙን ፈትቶ ባዶ መሬት ላይ ተቀመጠ፣ ነገሥታቱ እንደሚቀመጡት። ልምላሜ ከፊቱ ቆመች።

«እንግዳሸት ሆይ» አለች፣ አባባ ሳትለው፣ «ንጉሡን ከወቀሳ አዳንኩት ብለህ፣ ቀንዱን ለለጓሚት ሰጥተህ ከእረፍቱ ከለከልከው። ለአንድ ውዳሴህ ብለህ እናቴን ቀበርክ። አሥራ አንድ ቀን አብረን ስንሄድ፣ ከመቃብሯ አጠገብ ስንቀመጥ፣ ሳትነግረኝ ጥሬዬን ተካፈልክ።»

የሽማግሌው ከንፈር ተንቀሳቀሰ። ምን እንዳለ ያልገባው ሰው አልነበረም፤ ድምፅ ግን አልወጣም።

ወጣቱ ንጉሥ ዘውዱን አውልቆ ከሽማግሌው ጎን መሬት ላይ ተቀመጠ። «እኔም ሰባት ዓመት ቀንዱን ሳልፈልግ ውዳሴ ሳዳምጥ ኖሬያለሁ» አለ። «ሰማሁ። ግድቡ ይፍረስ።» ከኋላቸው የመቃብሩ በር ማንም ሳይገፋው ተዘጋ።

ግድቡን ለማፍረስ አሥራ ሁለት ቀን ፈጀ። እንግዳሸት በምልክት ለምኖ በቃሬዛ ጌርሳ ተወሰደ። በወደቀው ቤት አጠገብ ባለው የወንዝ አልጋ ጠጠር እየለቀመ ለውሃው መንገድ ሲያበጅ ሰነበተ። ልምላሜ ምግብ ታቀርብለታለች፤ አታናግረውም። ውሃው በደረሰ ዕለት፣ እጁን እንደነከረ፣ ሞቶ አገኘችው።

ሊቀብሩት ሲሉ ጭንቅ ሆነ። ወቀሳውን ሁሉም ሰምቷል፤ ውዳሴውን ግን የሚያሰማለት ጠፋ። ትናንት ዜማውን ሲዘፍን የኖረ ሕዝብ ዛሬ ስሙን ሲሰማ ይተፋ ነበር። ውዳሴውን ሳይሰማ ከተቀበረ ደግሞ እሱም በር ላይ ቆሞ ይቀራል።

ልምላሜ ብዙ አመነታች። ከወቃሽ ቤት ነው የተወለደችው፤ ማወደስ አልተማረችም። በመጨረሻ ከመቃብሩ ራስጌ ቆማ «አባባ» አለች።

«አባባ እንግዳሸት መንገዱን ያውቅ ነበር። ምን እንደሚያስከፍለው እያወቀ ተመልሶ ሄደበት።»

ውዳሴዋ ይኸው ነበር። ግን ወዲያው አልሄደችም፤ በአባቷ ቤት ተናግሮ የጨረሰ ሰው መልሱን ሳይሰማ አይነሣም ነበርና መሐላዋ ቢፈጸምም ያልሠራችው ፀጉሯ እንደተበተነ ቆማ ጠበቀች። ከበታቿ ውሃው በጠጠሩ መሐል ይሄድ ነበር። እስኪመሽ ቆየችና አፈሩን መለሰችበት።