ኳሷ ሳትንቀሳቀስ

አንድ ወንድ አፉን እስኪከፍት ስድስት ዓመት መጠበቅ እንዴት እንደሚያንገበግብ እኔን ጠይቁኝ።

ዱዌን ሃስከል በአሜሪካ እግር ኳስ ትልቁ ሊግ አሥራ አንድ ዓመት ሲጫወት ኳስ ነክቶ አያውቅም። የመስመር ሰው ነበር፤ ሥራው አንድ እጁን መሬት ላይ ተክሎ መጠበቅ፣ ሞላላዋ ኳስ ስትነሳ የመጣበትን ሁሉ መግፋት ነው። ኳሷ ሳትንቀሳቀስ ንቅንቅ ካለ ዳኛው ቢጫ ጨርቅ ይወረውራል፤ ቡድኑ አምስት ያርድ ወደ ኋላ ይመለሳል።

በመጨረሻው ጨዋታው፣ ለማሸነፍ አንድ ያርድ ሲቀራቸው፣ ትከሻው ቀደመ። አምስት ያርድ ተመለሱ፤ ተሸነፉም። ከዚያ ወዲህ ዱዌን ምንም ነገር ቀድሞ አያደርግም።

ወደዚች የቴክሳስ ከተማችን ተመልሶ የትምህርት ቤቱን ልጆች ሲያሠለጥን ጉልበቱን የማሸው እኔ ነበርኩ። መጀመሪያ ቀን «ያምሃል?» ስለው እንባው እየወረደ «ኧረ ደህና ነው» አለኝ። ሳቅኩበት፤ ወደድኩትም። እሱም እንደሚወደኝ ዓይኑ ይናገራል። አፉ ግን!

ባለፈው ሰኞ ቁርጡን ነገርኩት።

«ዴንቨር ሥራ አግኝቻለሁ። ቅዳሜ እሄዳለሁ።»

«ጥሩ ሥራ ነው?»

«ጥሩ ነው።»

«እንግዲህ… አንቺ ካልሽ…»

«እኔማ ብያለሁ! አንተ ምን ትላለህ?»

የተጣመሙ ጣቶቹን ማየት ጀመረ። በሩን ወርውሬበት ወጣሁ።

አባቴ አርባ ዓመት የከተማችን የኳስ ዳኛ ነበር። «ኮሪን፣ ይሄ ሰውዬ እኮ ምልክት እየጠበቀ ነው» አለኝ።

«እንግዲያው ሲጠብቅ ይክረም!» ብዬ ሻንጣዬን ማዘጋጀት ጀመርኩ። እያዘጋጀሁ አለቀስኩ።

ቅዳሜ ጠዋት ዕቃዬን መኪና ላይ ስጭን የቃጭል ድምፅ ሰማሁ። እዚህ አገር ወንድ ልጅ ለሚወዳት ልጅ ሪባኑ ጉልበት የሚደርስ፣ ቃጭል የተንጠለጠለበት ትልቅ ሰው ሠራሽ አበባ ደረቷ ላይ የሚያደርግላት በዓመት አንድ ቀን፣ በትምህርት ቤቱ የኳስ በዓል ነው። አርባ አንድ ዓመቱ የሆነው ዱዌን ያንን አበባ ታቅፎ እያነከሰ መጣ። ራሱ እንደለጠፈው ያስታውቃል፤ ሪባኑ ላይ የስሜ ፊደል ሁሉ ተንጋዷል።

«በዓሉ እኮ ገና ሁለት ሳምንት ይቀረዋል» አልኩት።

«አውቃለሁ። ቀደምኩ።» ላቡን ጠረገ። «ሻንጣዬ መኪናዬ ላይ ነው። ዴንቨርም የሚሠለጥን ልጅ አይጠፋም። አግቢኝ፣ ኮሪን።»

መልስ ሳልሰጥ ከበረንዳው ቢጫ ጨርቅ ተወርውሮ መሐላችን ወደቀ።

«ኳሷ ሳትንቀሳቀስ!» ብሎ ጮኸ አባቴ። «አምስት ያርድ ወደ ኋላ!»

ዱዌን ከዳኛ ጋር ተከራክሮ አያውቅም። እያነከሰ አምስት እርምጃ ወደ ኋላ ሄደና አበባውን እንደታቀፈ ቆመ። ሊጠብቅ ነው፤ እንደገና!

«አባዬ፣ የተበደለው ወገን ቅጣቱን መተው ይችላል አይደል?»

«ከፈለገ ይችላል።»

«ትቼዋለሁ» አልኩና፣ አምስቱን ያርድ እኔው ሄድኩለት።