ለአንድ መሳም የተሠራ ሙዚቃ

አስጠላት። ከሁሉ የከፋው ደግሞ ያስጠላት ነገር ማማሩ ነው።

ዳይሬክተሩ ሙዚቃ እንድትሠራለት የላከላትን ፊልም ከፍታ እያየች ነበር። ከየዘመዱ ገንዘብ ለቃቅሞ የሠራው ሦስተኛ ፊልሙ ነው፤ የፊተኞቹም የሁለቱ ሙዚቃ የእሷ ነው። መጀመሪያ የተዋወቁ ጊዜ ስቱዲዮዋ ድረስ መጥቶ፣ «እዚህ ጋ ተመልካቹን የሚያስለቅስ ነገር አድርጊልኝ» ቢላት፣ «የተዋናይህን ትወና ያየ ሰው ያለ ሙዚቃም ያለቅሳል» አለችው። ተቆጥቶ ይወጣል ብላ ስትጠብቅ ሆዱን ይዞ ሳቀ። ፍቅሩ የያዛት በዚያ ሳቅ ነው። አሁን ሊጋቡ ቀለበት አስረዋል።

ስክሪኑ ላይ አንዲት ልጅ አልጋ ላይ ወደተኛች እናቷ ጎንበስ አለች። አየር ሳበች፣ ትንፋሿን ያዘች፣ ሳመቻት፤ ቀና ብላ ተነፈሰች።

የሙዚቀኛዋ እጅ ኪቦርዱ ላይ ደርቆ ቀረ። ያቺ ልጅ እሷ ናት። እናቷ በታመመች ጊዜ የቁስሏን ሽታ መቋቋም አቅቷት እንዲህ ነበር የምትስማት። ለታላቅ እህቷ እንኳ ትንፍሽ ሳትል ለእሱ ብቻ ነገረችው። ያን ቀን እጇን ይዞ ዝም አለ። ዝምታውን ፍቅር ብላ ወሰደችው፣ ሞኝ! ለካ ሰውየው ካሜራውን የት እንደሚያቆም እያሰበ ኖሯል።

እምቢ ልትለው ስልኳን አነሳች። ግን አንድ ጣቷ ኪቦርዱን ነካ፤ ሌላው ተከተለ። ምሳዋን ሳትበላ ዋለች። ሲያልቅ መልሳ ሰማችው። እንዲህ ያለ ሙዚቃ በሕይወቷ ሠርታ አታውቅም። አፍራ ዘጋችው።

አመሻሹ ላይ መጣ። ሰምቶ ሲጨርስ ዓይኑ እንባ ሞልቷል።

«እስከዛሬ ከሠራሽው ሁሉ ይበልጣል።»

«ልጅቷ ማን እንደሆነች ታውቃለህ አይደል?»

አንገቱን ደፋ። «ልነግርሽ ነበር። ፈራሁ።»

«እህቴ ታየዋለች እኮ! እናታችንን ስታጥብ የኖረችው እሷ ናት፤ አንዴ እንኳ ፊቷን አላዞረችም።»

«በቃ ያን ቦታ ቆርጬ አወጣዋለሁ። ፊልሙ ገደል ይግባ፤ አንቺ ትበልጪብኛለሽ።»

ከልቡ ነው፤ ፊቱ ያስታውቃል። ደስ ሊላት ይገባ ነበር።

«አይሆንም፣ አትቁረጠው» አለች። ለራሷም ገረማት። ያ ሙዚቃ ሰሚ አጥቶ ሊቀር ነው ስትል አንጀቷ አልቻለም።

እሱም እፎይ ሲል አየችው። ቶሎ ሊደብቀው ሞከረ፤ አልሆነለትም።

ቀለበቷን አውልቃ እጁ ላይ አስቀመጠችለት።

«ምነው? ይቅር አትይኝም?»

«አንተ ብቻ ብትሆን ይቅር እልህ ነበር። ግን እኔም ያው ነኝ። እኛ ቤት አንዱ ሲያለቅስ ሌላው ሊቀርጸው ነው። እንዲህ ተደርጎ አይኖርም፣ የኔ ፍቅር።»

ቀለበቱን ኪሱ ከተተ። ግንባሯን ስሟት ወጣ።

በሩን ተደግፋ አለቀሰች፤ ትወደዋለቻ። እያለቀሰች ግን ጆሮዋ ደረጃውን የሚወርደውን የጫማውን ኮቴ ይከተል ነበር። ቀስ ያለ፣ የተሰበረ፣ ለፊልም መጨረሻ ልክክ የሚል ምት። ራሷን ተጸየፈች።