አበባ ያለበትን እርገጥ

ኖርጅማ ከድርቅ የተረፉ አሥራ አንድ ግመሎቿን ነድታ ስትነሳ የቀራት አንድ አቁማዳ ውሃ ብቻ ነበር። ከጨው ሜዳው ማዶ ጉድጓድና ሣር አለ። በእኛ በአላሻ በረሃ ልማድ ቀድሞ ውሃ የቀዳ ሣሩን ለመንጋው እስከ መኸር ያበላል፤ የዘገየ መንጋውን ይቀብራል።

የሟች ባሏ ታናሽ ወንድም ኦቺር የራሱን ግመሎች ነድቶ ደጇ ቆመ። ከስድስት ዓመቱ ጀምራ ያሳደገችው እሷ ናት።

«እቴቴ፣ ቀድሜ ለሁለታችንም ልቅዳ። አንቺ ቀስ ብለሽ ነይ፤ ጉልበትሽም እንደ ግመሎችሽ ዝሏል።»

«አፍህ ብቻ ነው ያደገው!» አለችው እየሳቀች። «ሂድ፤ አበባ ያለበትን እርገጥ።»

የጨው ሰናፍጭ የምንለው ነጭ አበባ የሚያብበው የጨዉ ቅርፊት በጠነከረበት ነው፤ ማጥ ላይ አይበቅልም። እሱን መንቀል በእኛ ዘንድ ድልድይ ከማፍረስ አይለይም።

ቀትር ላይ ነፋስ ተነሳ፤ ጨዉን አፍሶ ዓይኗ ላይ በተነው። ግመሎቹን አንበርክካ ሥራቸው ተሸጎጠች። ነፋሱ ሲበርድ አንዷ ተኝታበት አቁማዳው ፈንድቷል። አመሻሽ ላይ ደግሞ ሁለት ተኩላዎች ግልገል ግመሏን ከበቡ። ኖርጅማ ዱላዋን እያሽከረከረች፣ ስድቧን እያዘነበች ገባችባቸው። ስድቧን ጎረቤት ሁሉ ስለምናውቀው ተኩላ ቢሸሽ አልገረመንም።

በማግስቱ የነጫጭ አበቦቹ መስመር ወደ ቀኝ ታጠፈ። አበቦቹ ጠውለግ ብለዋል፤ ነፋሱ ነው ብላ ተከተለች። መሪዋ ግመል እምቢ አለች። ኖርጅማ በገመድ ስትጎትታት ቅርፊቱ ተሰበረና እስከ ወገቧ ሰጠመች።

«ሳቢ! ሳቢ አንቺ!»

ግመሏ ወደ ኋላ እያፈገፈገች ጎትታ አወጣቻት። በሆዷ ተኝታ እያለከለከች አንዱን አበባ ጨበጠች፤ ሳይታገላት መጣ። ሥሩ ደርቋል። ዙሪያው በጣት ተጠቅጥቋል፤ አጠገቡ የጫማ ተረከዝ ታትሟል። ያን ጫማ የሰፋችው እሷ ናት።

«አንተ ልጅ?» አለች።

ተመልሳ አበቦቹ የተነቀሉባቸውን ትንንሽ ጉድጓዶች ፈለገች። ጠንካራው መሬት እነሱ ያሉበት ነውና፣ በጉልበቷ እየዳኸች፣ በእጇ እየዳሰሰቻቸው፣ ከንፈሯ በጥም እየደማ ከግመሎቿ ጋር ተሻገረች።

ኦቺር የመጀመሪያውን ባልዲ ቀድቶ፣ የጉድጓዱ ዳኛ ከሆነው ከሽማግሌው ጎንቺግ ጋር ተቀምጧል። ሲያያት ደንግጦ ተነሳ፤ እንደ ሰላምታችን ወግ የትምባሆ ብልቃጡን ዘረጋላት።

«እቴቴ! መንገዱ እንዴት ነበር?»

ግማሽ ሬሳ ሆነን ብንደርስ እንኳ መልሳችን «ደህና» ነው። እሷም ዕድሜዋን ሙሉ እንደዚያው ስትል ኖራለች።

«ክፉ ነበር» አለች። «አበባውን ነቅለህ ማጥ ላይ ተከልክብኝ።»

«ማን አየ?»

«ጫማህን የሰፋሁልህ እኔ ነኝ፣ ኦቺር።»

ኦቺር እግሩን ወደ ኋላ ሳበ። ሽማግሌው ይህን አይቶ ባልዲውን ከፊቱ ነጠቀና ለኖርጅማ ሰጣት።

«መንገድ የነቀለ ሣር የለውም። መንጋህን ንዳ!»

«እቴቴ፣ እባክሽ! ሣሩ ለሁለት መንጋ አይበቃም ብዬ ነው... ግመሎቼ ገና አልጠጡም፤ ያልቁብኛል።»

ኖርጅማ ባልዲውን ወደ ጉድጓዱ አወረደች፤ ገንዳውን እስከ አፉ ሞላችው።

«ግመሎቹ ምን በደሉኝ? ጠጥተው ይሂዱ» አለች ሳታየው። «አንተ ግን ከዛሬ ጀምሮ እቴቴ እንዳትለኝ።»