የወልደ አረጋዊ ፍትሐት

ቄስ ጥሩነህ እንደ ወትሯቸው ነጩን ጥምጥም ጠምጥመው፣ መስቀላቸውን ይዘው ለቀብር ወጡ። ሥራው የለመዱት ነው፤ አፈር ከመመለሱ በፊት የሟቹን ክርስትና ስም ይጠይቃሉ፣ በዚያ ስም ነፍሱን ይሸኛሉ። ያለዚያ ስም ፍትሐት የለም። ሟቹ የወይዘሮ ጠጂቱ ባል ነው። ዲያቆን ይባስ ወደ ጆሯቸው ጠጋ ብሎ «ኃይለ ገብርኤል» አላቸው። ስሙ ጋ ሲደርሱ ግን ምላሳቸው «ወልደ አረጋዊ» አለ።

ደገሙት። ወልደ አረጋዊ። ከእርጥቡ አፈር ውስጥ የማር ሽታ መጣ።

«አባ፣ የኔን ባል ትተው የማንን ነፍስ ሸኙብኝ?» አሉ ወይዘሮ ጠጂቱ እያለቀሱ።

«እርጅና ነው፣ ይቅር በሉኝ።»

ምን እርጅና! ስሙን ያውቁታል እንጂ። በጎልማሳነታቸው እታች ገደሉ መንገድ ላይ ሽፍታ ነበሩ። አንድ ማር ነጋዴ ከበቅሎው አውርደው ሲገድሉት ሰውየው እንኳ አልጮኸም። «ወንድሜ፣ መግደሉን ግደለኝ፤ ስሜን ግን ለካህን ንገርልኝ። ወልደ አረጋዊ ነኝ» ብሎ ረጋ ባለ ድምፅ ለመናቸው። ሳቁበት፤ ሬሳውንም ወደ ገደሉ ለቀቁት። ከዚያ ሩቅ አገር ሄደው ተማሩ፣ ቀሰሱ፣ ሰው ሲረሳቸው ተመለሱ። ደም ያፈሰሰ እጅ መቅደስ አይገባም። ይህ ከታወቀ ክህነቱም ክብሩም በአንድ ቀን ገደል ይገባል።

ቤታቸው ገብተው ስም መጥራት ተለማመዱ። የሚስታቸውን ወለተ ጻድቅ፣ የራሳቸውን ገብረ ሚካኤል፣ የሟቹንም ኃይለ ገብርኤል አሉ። ሁሉም ጥርት ብሎ ወጣ። ይሄ ነው የሚያበግነው! ቤት ውስጥ የሚታዘዝ ምላስ መቃብር አፍ ላይ ምን ነካው?

ብዙም ሳይቆይ አንዲት ሙሽራ ሞተች። መንገዱን ሙሉ «ወለተ ማርያም፣ ወለተ ማርያም» እያሉ ሄዱ። ጉድጓዱ አጠገብ ቆመው፣ ላብ በላብ ሆነው፣ ወልደ አረጋዊን ሸኙ።

«አባታችን፣ ሴት ናት እኮ!» አለ ይባስ ደንግጦ።

«አውቃለሁ! ዝም በል!»

ከኋላ በቅሎ አናፋች። ዞር አሉ፤ በቅሎ የለም። ሕዝቡ ግን ጭነት እንደሚያሳልፍ ሰው ግራና ቀኝ ተከፍሎ መንገድ ለቋል፤ ማንም ለምን እንደሆነ የጠየቀ የለም። የሙሽራይቱ አባት ቀርበው «ነገ የደብሩ አለቃ ፊት ይቁሙና፣ ይሄ ወልደ አረጋዊ ማን እንደሆነ ይንገሩን» አሏቸው።

ቄስ ጥሩነህ ቤታቸው አልገቡም። በጠራራው ፀሐይ ቁልቁል ወደ ገደሉ ወረዱ። ንስሐ አላሰቡም፤ ንዴት ብቻ ነበር። «ፍትሐት ነው የምትፈልገው? እንካ! ውሰድና ልቀቀኝ!» ብለው ጮኹ። ወፍ አልነበረም፣ ነፋስ አልነበረም፤ ከጥልቁ ሽቅብ የሚወጣው የማር ሽታ ጉሮሮ ላይ ይጣበቃል። ሬሳውን የለቀቁበት አፋፍ ላይ ቆመው ጸሎቱን ጀመሩ። ተመስገን፣ ቃሉ ሳይደናቀፍ ወረደላቸው። ስሙ ጋ ደረሱ።

«ገብረ ሚካኤል» አለ ምላሳቸው።

አፋቸውን በእጃቸው ያዙ። ትንሽ ቆይተው፣ በቀስታ፣ ደግመው ሞከሩ። ገብረ ሚካኤል።

አፈሩ ከእግራቸው ሥር ቀስ ብሎ መናድ ሲጀምር፣ ከገደሉ ሆድ አንድ ረጋ ያለ ድምፅ «ነፍስ ይማር፣ ወንድሜ» አለ።