ከቡልኮው ጀርባ

ሰኞ የአረም ቀን ነው። ጋይቴ ጋውኗን ለብሳ፣ ጓንቷን አጥልቃ ሦስተኛ ፎቅ ስትደርስ የበረሃው አገር ሽማግሌ ከድንኳናቸው ብቅ አሉና «አሪፍ ነው?» አሏት።

«አሪፍ ነው አባባ» አለችና ሰላምታውን ነቀለችው። ሽማግሌው ወዲያው ረሱት። እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ መጽሐፉ እንደሚለው፣ የግመሎቿን ደህንነት ጠየቋት። ግመል ኖሯት ባያውቅም ደህና ናቸው አለቻቸው።

ሽማግሌው ብርሃን ናቸው። እሳቸው ብቻ ሳይሆኑ ፎቁ ላይ ያለው አገር ሁሉ ብርሃን ነው። በዚህ መጻሕፍት ቤት ስለ ጥንት ሕዝቦችና ስለ ምድራቸው የተጻፉትን የጥናት መጻሕፍት ማንም ቁጭ ብሎ አያነባቸውም፤ ሰው አሁን ይገባባቸዋል። የሚያስገባው መሣሪያ ሕያው መደርደሪያ ይባላል። ስለ አንድ ሕዝብ የተጻፈው ሁሉ፣ ፎቶውም ካርታውም የግርጌ ማስታወሻውም ሳይቀር ይሰጠዋል፤ እሱም ያነበበውን ቤቱን ከነቤተሰቡ፣ ወንዙን ከነድንጋዩ አድርጎ መልሶ ያቆመዋል። ጓንት ላጠለቀ ሰው እንስራው እጅ ላይ ይከብዳል። ችግሩ መሣሪያው ከመጻሕፍቱ ብቻ ሳይሆን ከሚገባውም ሰው መማሩ ነው። አንዱ ጎብኚ ያፏጨውን ዜማ በማግስቱ የአገሩ ሴቶች በሙሉ እህል እየወቀጡ ያፏጩታል። ይህን ትርፍ ነገር ሠራተኞቹ አረም ይሉታል። የጋይቴ ሥራ በመጻሕፍቱ ውስጥ የሌለውን ሁሉ እየፈለጉ መንቀል ነው፤ እጇም ርኅራኄ አያውቅም እየተባለ ትታማለች።

የዚያን ቀን ግን ሥራ መግባት አልነበረባትም። መሣሪያውን የሚቆጣጠረው ባልደረባዋ ኢዮስያስ ከመስታወቱ ጀርባ ሲያያት ደነገጠ።

«ምን ልትሠሪ መጣሽ? እናትሽ ገና ሳይቀበሩ?»

«ቀብሩ ነገ ነው። ቴልቃ ልገባ ነው፣ ክፈትልኝ።»

«የእኔ እህት፣ ቴልቃ ተበላሽቷል ብዬሽ የለም እንዴ? እዚያ ያለችው አሮጊት ሰው በገባ ቁጥር ግድግዳው ላይ ካለው ማንጠልጠያ፣ ከኩላቡ ላይ፣ ቡልኮ ትሰቅላለች። ባስተካክለው ባስተካክለው ተመልሳ ትሰቅለዋለች።»

«ትስቀለዋ። ክፈትልኝ።»

ጋይቴ የቴልቃ ልጅ ናት። ልጅ ናት ማለት ይቻል እንደሆነ እንጃ። ገና በልጅነቷ ከተማ አዳሪ ትምህርት ቤት ተልካ፣ ከቋንቋው የቀራት ቁርጥራጩ ብቻ ነው። በኋላ ቴልቃ ያለችበትን ሸለቆ ውሃ ውጦት ሐይቅ ሆነ፤ ሰዎቹም ተበተኑ። እናቷ ዳርጊቴ ወደ ከተማ መጥታ ከልጇ ጋር ኮንዶሚኒየም ውስጥ ኖረች፤ ቅዳሜ ዕለት ሆስፒታል አረፈች።

አሁን ጋይቴን የጨነቃት አንድ ነገር ነው። እናቷን እንደ አገሯ ወግ መቅበር ትፈልጋለች፤ ወጉን የሚነግራት ሰው ግን አታውቅም። ያሏት መጻሕፍቱ ናቸው። መጻሕፍቱ ደግሞ ሁሉም የሚሉት አንድ ነው፤ የቴልቃ ሰዎች ለሞተ አያለቅሱም። አንዱ ሊቅ «ጽኑ ሕዝብ» ሲላቸው፣ ሌላው «ልበ ደንዳና» ሲላቸው፣ አንዱ ከሌላው ሲቀዳ ነገሩ እውነት ሆኖ ቀረ።

ጋይቴም ታምነው ነበር፤ ምክንያት አላት። በልጅነቷ አንድ ክረምት ለዕረፍት ቤት ስትመጣ አባቷ አልነበረም። «ሩቅ አገር ሄዷል» አለቻት እናቷ። በርጩማ ሰጠቻት፣ ወተት አቀረበችላት፣ ክረምቱን ሙሉ እየሳቀች አጫወተቻት፤ አንዲት ሥራ አላስነካቻትም። አባቷ እሷ ከመምጣቷ በፊት መሞቱን የሰማችው ትምህርት ቤት ከተመለሰች በኋላ፣ ከሰው አፍ ነው። ያንን ሳቅ ለእናቷ ይቅር ብላት አታውቅም።

ኢዮስያስ ከፈተላት። ቴልቃ ፀሐይ ነበር፤ ከታች ወንዙ ይሰማል። ጎጆው በር ላይ እማማ ኮርሴ ቆመዋል። ከብዙ መጻሕፍት፣ ከብዙ ሴቶች ተውጣጥተው የተሠሩ አሮጊት ናቸው። ጋይቴን ሲያዩ ፈገግ አሉና ፈጠን ብለው ወደ ውስጥ ገቡ። ቡልኳቸውን ከትከሻቸው አውርደው ከምሰሶው አጠገብ ያለው ኩላብ ላይ ሰቀሉት። ከዚያ በርጩማውን በእጃቸው ጠርገው፣ መሣሪያው ቋንቋቸውን ወደ አማርኛ እየመለሰው፣ «ይቀመጡ፣ የእኔ እንግዳ» አሉ።

ጋይቴ ተቀመጠች። «እማማ፣ ሰው ሲሞት እዚህ ምን ይደረጋል?»

«እዚህ ቤት ደስታ ነው። ወተት ይጠጡ።»

«የሞተውን ማን ያጥበዋል? ልጁስ ምን ታደርጋለች?»

«መንገዱ አደከመዎት? ወተቱ ትኩስ ነው።»

እንዲህ እየተባባሉ ቆዩ። ጋይቴ መጻሕፍቱን በቃሏ ታውቃቸዋለች፤ ከዚህ የተለየ መልስ እንደማይመጣ ልቧ እያወቀ ነው የገባችው። ቢሆንም ተናደደች። ብድግ አለችና ቡልኮውን ከኩላቡ ላይ ገለጠችው።

ከጀርባው ምንም የለም። ባዶ ግድግዳ እንኳን አይደለም፤ ግድግዳው ራሱ የለም። መሣሪያው የሚሞላበት አጥቶ የተወው ጥቁር ቀዳዳ ነው።

«አየሽው?» አለ ኢዮስያስ ጆሮዋ ላይ ባለው ማዳመጫ። «ብልሽቱ እሱ ነው። የድሮ ፎቶዎቹን አገላብጬ አየኋቸው። አንዳንዱ ቤት ውስጥ እዚያው ቦታ ላይ ይኸው ጨርቅ ተሰቅሏል። ከኋላው ያለውን ገልጦ ያየ ጸሐፊ ስለሌለ መሣሪያውም አያውቀውም።»

ጋይቴ ግን ታውቀዋለች። ያን ክረምት እናቷ ወንዝ ስትወርድ የቤታቸውን ቡልኮ ልክ እንዲህ ገልጣ ከኋላው ያለውን አይታ ነበር። አባቷ ውሃ የሚጠጣበት ቅል ነው፤ አፉ ወደ ታች ተደፍቶ ተሰቅሏል። እንዲደርቅ ይሆናል ብላ መልሳ ሸፈነችው።



«ኢዮስያስ» አለች ቀስ ብላ። «ይሄ ብልሽት አይደለም። ቤቱ ሐዘን ላይ ነው። እንግዳ ስለገባባቸው ነው የሚደብቁት። እንግዳ ፊት ሐዘን አያወጡም።»

ኢዮስያስ የድሮ ፎቶዎቹን መልሶ ከፈተ።

«እኔን አጥፋኝ። ሰው እንደሌለ አድርገህ ቤቱን ለብቻው ተወው፤ ከውጭ ሆኜ ምን እንደሚያደርጉ ልይ።»

«አይሆንም ጋይቴ፤ ሞክሬዋለሁ። ሰው ከሌለ ቤቱም ይጠፋል። መጻሕፍቱን የጻፉት እንግዶች ናቸው። ጸሐፊው በሌለበት የተጻፈ ገጽ ከየት ይመጣል?»

እውነቱን ነው። ያ ሁሉ ሊቅ ሸለቆውን ሲዞር፣ በገባበት ቤት ሁሉ ለቅሶው ከፊቱ እየተነሳ ወተት ይቀርብለታል፤ እሱም ወተቱን ጠጥቶ እነዚህ ሰዎች አያለቅሱም ብሎ ይጽፋል። እንዳከበሩት አላወቀላቸውም። ጋይቴን ግን ያሳመማት የሊቃውንቱ ነገር አልነበረም። እሷም በርጩማው ላይ ተቀምጣለች። እናቷ ያን ክረምት የሳቀችላት ልቧ ደንድኖ አይደለም፤ ከከተማ የመጣች ልጇ እንግዳ ሆናባት ነው። ከተማም ከመጣች በኋላ ያው ነበር። ሸለቆውን ውሃ ሲውጠው እንኳን ጋይቴ ፊት አላለቀሰችም። ሁልጊዜ ፈገግታ፣ ሁልጊዜ «አንቺ ተቀመጪ፣ እኔ እሠራዋለሁ»። በገዛ ቤቷ፣ በገዛ እናቷ ዘንድ ዕድሜዋን ሙሉ እንግዳ።

ከዚያ ሆስፒታሉ ትዝ አላት። በመጨረሻዋ ቀን እናቷ ከትራሷ ቀና ብላ፣ «ምን ተገትረሽ ታዪኛለሽ? ውሃ አምጪልኝ» ብላ ተቆጣቻት። ውሃው ሲመጣላት ግማሹን ደፋችው። የባሏን ስም፣ የወንዙን ስም እየጠራች፣ አልጋውን በእጇ እየመታች አለቀሰች። ከእናቷ እንዲህ ያለ ነገር አይታ የማታውቀው ጋይቴ ፈርታ ነርስ ጠራች። ነርሷ «በሽታው ነው እንጂ እሳቸው አይደሉም» አለቻትና እናቷን ማስተኛ መርፌ ወጋቻት። ዳርጊቴ በዚያው አልነቃችም።

በሽታው አልነበረም። እናቷ ከበርጩማው አስነስታት ነበር። ልጄ ነሽ፣ የቤት ሰው ነሽ፣ ከእኔ ጋር አልቅሺ ማለቷ ነበር። ጋይቴ ደግሞ መርፌ አስወጋቻት።

በርጩማውን ወደ ጎን ገፋችው። ወተቱ የቀረበበትን ቅል አንስታ አፉን ደፋችና ኩላቡ ላይ፣ ጥቁሩ ቀዳዳ ላይ ሰቀለችው። ከዚያ መሬት ላይ፣ አመዱ ዳር ተቀምጣ አለቀሰች። ወጉን አታውቀውም፤ እንደመጣላት ነው ያለቀሰችው። ጭኗን እየመታች፣ አፍንጫዋን በጋውኗ እጅጌ እየጠረገች፣ የእናቷን የመጨረሻ ቃል እየደጋገመች። «ምን ተገትረሽ ታዪኛለሽ? ውሃ አምጪልኝ።» እማማ ኮርሴ ፈገግታቸው እንዳለ ደርቀው ቆሙ። እንዲህ የሚያደርግ እንግዳ በየትኛውም መጽሐፍ የለም። ወንዙም መፍሰሱን አቆመ። ኢዮስያስ ከመስታወቱ ጀርባ ላለማየት ፊቱን አዞረላት።

በማግስቱ እናቷን ቀበረች። ከቀብር ስትመለስ እናቷ ውሃ የምትጠጣበትን ጣሳ ደፍታ መስኮቱ ላይ አስቀመጠችው። ለቅሶ ደራሽ ጎረቤት ሲገባ ሹራቧን ጣል አደረገችበትና ሻይ ልታፈላ ተነሳች። ጎረቤቶቿ ብርቱ ሴት ናት እየተባባሉ ወጡ።

ቀጣዩ ሰኞ ሲደርስ ኢዮስያስ ቴልቃን ሳይነካው ጠበቃት።

«ገብተሽ እዪው» አላት። «ከዚያ አንቺው ንቀይው። እኔ እጄ አልታዘዝ ብሎኛል።»

እማማ ኮርሴ በር ላይ አልቆሙም። አመዱ ዳር ተቀምጠው ጭናቸውን እየመቱ ያለቅሳሉ። አፍንጫቸውንም ይጠርጋሉ፤ እጅጌ ያለው ልብስ ስለሌላቸው የሚጠርጉት በባዶ ክንዳቸው ነው። አጠገባቸው ሌሎች ሴቶች ተቀምጠዋል፤ እነሱም እንደዚያው። ቀዳዳው ተደፍኖ ግድግዳ ሆኗል፤ ግድግዳው ላይ የተደፋ ቅል ተሰቅሏል። ቡልኮው የእማማ ኮርሴ ትከሻ ላይ ነው። ለጋይቴ ብሎ የተነሳ ሰው የለም።

አሮጊቷ ቀና ብለው አዩዋት። «ምን ተገትረሽ ታዪኛለሽ?» አሏት። «ውሃ አምጪልኝ።»

ጋይቴ እንስራውን አንስታ ወደ ወንዙ ወረደች። ሞልታ ስትመለስ ከበዳት፤ ሸክም እንዲህ ደስ ብሏት አያውቅም። ውሃውን አስቀምጣ ከሴቶቹ መካከል ቦታ አገኘች።

ስትወጣ ዓይኗ ቀልቷል። ኢዮስያስ እጁን የመንቀያው ቁልፍ አጠገብ አድርጎ ይጠብቃታል።

«አረም ነው» አለ።

«አዎ፣ አረም ነው። አንድም መጽሐፍ ላይ የለም። የእናቴ ለቅሶ አይደለም፣ የአገሯም አይደለም። እኔ ብቻዬን ያለቀስኩት ነው።»

«እና ልንቀለው?»

ጋይቴ ቆም ብላ አሰበች። የመጀመሪያዋ የቴልቃ ሴት፣ ወግ የሚባል ነገር ሳይኖር፣ የመጀመሪያ ሟቿን እንዴት አለቀሰች? እሷም እንደመጣላት ይሆናል። ጭኗን የመታችው እጇን የምታሳርፍበት አጥታ ይሆናል። አጠገቧ የነበሩት አዩዋትና ብቻዋን እንዳትሆን እንደሷ አደረጉ። ሌላ ምን ሊሆን ይችላል?

መልስ ሳትሰጠው በሩ ተንኳኳ። ቀጠሮ የነበራቸው ዶክተር ያፌት ናቸው፤ ስለ ቴልቃ አዲስ መጽሐፍ እየጻፉ ያሉ ሰው። ጓንታቸውን አጥልቀው ገቡ። ጋይቴና ኢዮስያስ በስክሪኑ ላይ ይመለከታሉ። የሰውየው ኮቴ ሲሰማ ሴቶቹ አንድ በአንድ በጓሮ በኩል ወጡ። እማማ ኮርሴ ፊታቸውን በመዳፋቸው ጠረጉ፣ ብድግ አሉ፣ ቡልኳቸውን ከትከሻቸው አውርደው ቅሉ ላይ ሰቀሉት። ከዚያ በርጩማውን ጠርገው «ይቀመጡ፣ የእኔ እንግዳ» አሉ፤ ድምፃቸው ትንሽ ሻከር ብሎ ነበር፤ ዶክተሩ ግን ልብ አላሉትም።

ኢዮስያስ እጁን ከቁልፉ ላይ አነሳ።

ዶክተር ያፌት ሲወጡ ፊታቸው በርቷል። «እንዴት ያለ ሕዝብ ነው» አሉ ጓንታቸውን እያወለቁ። «ሐዘን የሚባል ነገር አያውቁም እኮ። የተጻፈው ሁሉ እውነት ነው።»

ከኋላቸው ስክሪኑ ላይ ቤቱ ሰው ወጥቶበትም አልጠፋም፤ ሴቶቹ ተመልሰው እየገቡ ነበር። የእማማ ኮርሴ እጅ ወደ ኩላቡ ተዘረጋ። ጋይቴ ጋውኗን አወለቀችና ስክሪኑ ላይ ጣል አደረገችው።

«አንቺ ግን ዓይንሽ ምን ሆኗል?» አሏት ዶክተሩ። «ደህና ነሽ?»

ጋይቴ ወንበር ሳበችላቸው። መቀመጫውን በእጇ ጠረገችና ፈገግ አለች።

«እዚህ ቤት ደስታ ነው» አለች። «ይቀመጡ፣ ዶክተር። ሻይ ላምጣልዎት።»