ዘጠኝ ቀን አራት ዲግሪ

የጤና ጣቢያው የክትባት ክፍል ኮሪደሩ መጨረሻ ላይ ያለ ጠባብ ክፍል ነው። አንድ ጠረጴዛ፣ ሁለት ወንበር፣ አንድ ነጭ ማቀዝቀዣ፣ ከማቀዝቀዣው በላይ ደግሞ ግድግዳው ላይ በብሎን የታሰረ ታብሌት አለ። ታብሌቱ የተሰቀለው ለአንድ ሥራ ብቻ ነው። ማቀዝቀዣው ውስጥ ካለው መለኪያ በቀጭን ሽቦ ሙቀቱን ይቀበላል፣ በየሩብ ሰዓቱ ይመዘግባል፣ ሙቀቱ ከስምንት ዲግሪ ሲያልፍ ወይም ከሁለት ሲወርድ ይጮኻል። ሙቀት ያበላሸው ክትባት ከውሃ አይሻልም። ሕጻኑ ይወጋል፣ ያለቅሳል፣ ካርዱ ላይ ምልክት ይደረግለታል፣ እናቱም እፎይ ብላ ይዛው ትሄዳለች። በሽታው ሲመጣ ግን የሚመክትለት ነገር የለም።

ይህን ክትባቱን የምትሰጠው ነርስ፣ ሲስተር፣ ከማንም በላይ ታውቃለች። በዚያች ክፍል አሥራ አንድ ዓመት ሠርታለች። እናቶች እጇ ቀላል ነው ይሏታል፤ ወረፋ ትተው እሷን የሚጠብቁ አሉ። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ታሪኩ የክፉ ሰው ታሪክ እንዳይመስላችሁ ነው። እንዲህ ያለውን ጥፋት ለማድረስ ክፉ መሆን አያስፈልግም።

ነገሩ የጀመረው በመሰልቸት ነው። ክትባት በሚሰጥባቸው ቀናት መተንፈሻ የለም፤ በሌሎቹ ቀናት ግን ክፍሉ ውስጥ ከማቀዝቀዣው ድምፅ በቀር የሚሰማ የለም። ታብሌቱ ኢንተርኔት አለው። መጀመሪያ ባለ ቀለም ኳሶች የሚፈነዱበት ጨዋታ ጫነች፤ ሰለቻትና አጠፋችው። ቀጥሎ የካርታ ጨዋታ ጫነች፤ እሱንም አጠፋችው። ሦስተኛው ከተማ የሚገነባበት ነበር። መንገድ ይዘረጋል፣ ቤት ይሠራል፣ ትንንሽ ሰዎች ይገቡበታል። የሆነ ነገር ሲጎድላቸው አጭር ጥሩንባ ይነፋና «ነዋሪዎችዎ እየጠበቁዎት ነው» የሚል ጽሑፍ ይወጣል። የካርድ ክፍሏ ሠራተኛ፣ ወሬ ስለማያልቅባት ሬዲዮ የሚሏት፣ በበሩ ብቅ እያለች «ከንቲባዋ፣ እዚህም ነዋሪ ተሰልፏል እኮ» ትላት ነበር። ይሳሳቁና ያልፋል።

አንድ ቀን የጤና ጣቢያው ኃላፊ ድንገት ገባ። ሲስተር ድልድይ እየሠራች ነበር። አልጮኸባትም። ታብሌቱ ለምን እዚያ እንደተሰቀለ ጠየቃት፤ መለሰች። እንግዲያው ጨዋታውን ዛሬውኑ ከሥሩ አጥፊው ብሏት ወጣ። እሷም የጨዋታውን ምልክት በጣቷ ጫን ብላ ወደ ላይ ጎተተችው፤ «አስወግድ» የሚል ጽሑፍ ላይ ስትለቀው ምልክቱ ጠፋ። ዝንብ እሽ የማለት ያህል እንኳ አልፈጀባትም።

«አጠፋሁት» አለችው ማታ ሲወጡ።

አልዋሸችም። ያጠፋችው መስሏታል። ጨዋታው ግን ከሳሎን ወደ ጓዳ ገባ እንጂ ከቤቱ አልወጣም።

ከሦስት ቀን በኋላ ክፍሉ ባዶ ሆኖ፣ እሷ እጇን እየታጠበች ሳለ ያቺ አጭር ጥሩንባ ተነፋች። ዞር አለች። ታብሌቱ ላይ የሙቀት ቁጥሩ ብቻ አለ። የሰው ስልክ ነው ብላ ተወችው። በሌላ ቀን እንደገና ሰማችው። ጆሮዬ ነው አለች። በሦስተኛው ጊዜ ግን ወለሉን ስትወለውል የነበረችው የጽዳት ሠራተኛዋ፣ ሁሉም እማማ የሚሏት፣ ቀና ብላ «እዚህ ክፍል ውስጥ ጥሩንባ የሚነፋው ማነው?» ብላ ጠየቀች። ሲስተር ቀና ብላ ታብሌቱን አየች። ያጠፋችው ነገር ሲጠራት ምን ብላ ትመልስ?

ከዚያ አንድ ማክሰኞ ጥሩንባው ቀረ። ደግሞም አልተመለሰም። ሲስተር ተገላገልኩ አለች። ቁጥሩ አራት ዲግሪ ላይ ነበር፤ በጣም ጥሩ ቁጥር ነው። በየቀኑ ጠዋትና ከሰዓት በኋላ ቀና ብላ ታየዋለች፣ ጠረጴዛው ላይ ያለው መዝገብ ውስጥ ትጽፋለች። አራት። አራት። አራት።

በዚያው ሳምንት ዓርብ እማማ መወልወያዋን ይዛ ቆመች።

«ልጄ፣ ይሄ ማቀዝቀዣ ሥሩ ውሃ ነው። ትናንትም ጠርጌዋለሁ።»

«ታብሌቱ አራት ነው የሚለው እማማ። ችግር ቢኖር ይጮኽ ነበር።»

«እኔ ታብሌት አላውቅም። ውሃ ግን አውቃለሁ።»

ሲስተር ፈገግ አለች። ሁለት ዓይነት ዕውቀት ፊት ለፊቷ ቆሞ ነበር፤ የሚያበራውን መረጠች። እማማም ውሃውን ጠርጋ ሄደች።

በተከታዩ ሐሙስ አንዲት እናት ልጇን ጭኗ ላይ አስተካክላ፣ ክንዱን ገልጣ ስትጠብቅ ሲስተር ብልቃጡን ከማቀዝቀዣው አወጣች። ጣቷን አልቀዘቀዘውም። ብልቃጡን አዞረችው። ጎኑ ላይ ሙቀት ሲነካው የሚጠቁር ትንሽ ምልክት አለ፤ ከመውጋት በፊት ሁልጊዜ መታየት ያለበት ምልክት። ታብሌቱ ከተሰቀለ ወዲህ ግን ማየት ትታ ነበር፤ ቁጥሩ ካለ ምልክቱ ምን ያደርጋል ብላ። ምልክቱ ጠቁሯል። ማቀዝቀዣውን እንደገና ከፍታ፣ ከካርቶኖቹ ጀርባ የተረሳውን የድሮ ቴርሞሜትር አወጣች። አሥራ አራት ይላል። ቀና ብላ ታብሌቱን አየች። አራት ይላል። ከቁጥሩ ሥር፣ ማንም በማያነበው ደቃቅ ፊደል፣ ቀንና ሰዓት ተጽፏል። ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከሩብ። ያለፈው ሳምንት ማክሰኞ።

ዘጠኝ ቀን ሙሉ ስታየው የነበረው የሞተ ቁጥር ነው።

እናቶቹን መድኃኒቱ አልቋል ብላ መለሰቻቸው። በሩን ዘግታ መዝገቡን ገለጠች። በእነዚህ ቀናት አርባ ሦስት ሕጻናት ወግታለች። ማቀዝቀዣው ጨርሶ አልቆመም፤ ሞተሩ ሲደክም ሲነሳ ነው የከረመው። ስለዚህ የትኛው ልጅ ደህናውን፣ የትኛው የተበላሸውን እንደተወጋ መለየት አይቻልም። ሊለይ የሚችለው ታብሌቱ ብቻ ነበር፤ እሱ ደግሞ መመዝገብ አቁሟል። ስሞቹን በጣቷ እየተከተለች ስትወርድ አንዱ ላይ ጣቷ ቆመ። የእህቷ ልጅ ናት። ዘጠኝ ወሯ። ባለፈው ሐሙስ የኩፍኝ ክትባቷን የወጋቻት ራሷ ናት፤ ስትወጋት አላለቀሰችም ብላ ለሰው ሁሉ አውርታለች።

ሬዲዮ የተዘጋ በር አይታ አታልፍም። ገብታ ሁሉንም ሰማች፣ ለመጀመሪያ ጊዜም ድምፅዋን ቀነሰች።

«ዛሬ ጠዋት ተበላሸ በይ። ማን ያውቃል? መዝገቡ ላይ አሥራ አራት ጊዜ አራት ብለሽ ጽፈሻል፣ በራስሽ እጅ። ይሄን አሁን ብታነሺ ራስሽን ነው የምታስበይው። ደግሞ ማን ታመመ? ክትባቱ እንደሆነ መርዝ አይደለም።»

«መርዝ ቢሆን ይሻል ነበር» አለች ሲስተር። «ወዲያው ይታወቅ ነበር።»

እንዲህ ብላም የሬዲዮን ምክር ልትቀበል ነበር። ሬዲዮ ስትወጣ ስልኳን አነሳች፤ ወደ ኃላፊው ሳይሆን ወደ እህቷ ደወለች። እህቷ ልብስ ሰፊ ናት፤ የስፌት መኪናዋ ድምፅ ከጀርባ ይሰማል። ሲስተር ልጅቷን ነገ ሌላ ጤና ጣቢያ ይዛት እንድትሄድ፣ ካርዷ ጠፋ ብላ ኩፍኙን እንድታስደግም ነገረቻት። እህቷ ለምን ብላ ጠየቀች። ሲስተር ለማድበስበስ ሞከረች፣ አልሆነላትም፤ በሦስት ዓረፍተ ነገር ነገረቻት። የስፌት መኪናው ድምፅ ቆመ።

«እታለም» አለቻት እህቷ። «የእኔ ልጅ አክስት አላት፤ ደወለችላት። ለሌሎቹ ማን ይደውልላቸው?»

ሲስተር ስልኩን ከጆሮዋ አወረደች። ያን ጊዜ ጥሩንባውን ሰማችው። ቀና አለች። ታብሌቱ እንደ ድንጋይ ጸጥ ብሏል፤ እንኳን ጥሩንባ ሊነፋ ቁጥር መቀየር አቅቶታል። እሷ ግን ሰምታዋለች። «ነዋሪዎችዎ እየጠበቁዎት ነው።»

መዝገቡን በክንዷ ሥር ይዛ ወደ ኃላፊው ቢሮ ሄደች።

ኃላፊው እስክትጨርስ አላቋረጣትም። ከዚያ አጥፍቼዋለሁ ብለሽኝ አልነበረም ወይ አላት። አጥፍቼው ነበር አለችው፤ ስትናገረው ለራሷም እንግዳ ሆነባት። እሱም መዝገቡን ወደ ራሱ አዙሮ ገጹን ሲያይ ከሥሩ የራሱን ፊርማ አገኘ። በየሳምንቱ ሳያነብ የሚፈርመው ፊርማ ነው። ስልኩን አንስቶ የታብሌቱን ቴክኒሻን ጠራ።

ከሰዓት በኋላ ቴክኒሻኗ መጣች። አፏ ፈጣን፣ ትዕግሥቷ አጭር የሆነ ወጣት ናት። ታብሌቱን ከግድግዳው ፈትታ ጠረጴዛው ላይ አስተኛችውና ውስጡን ከፈተች። ከተማው እዚያው አለ። ምልክቱ ከፊት ተነሣ እንጂ ጨዋታው ራሱን በኢንተርኔት እያደሰ፣ አዳዲስ ሥዕልና ድምፅ እያወረደ ሲያብጥ ከርሟል። ኳሶቹና ካርታውም፣ ተራግፈዋል የተባሉት፣ የተቀመጡ ጨዋታዎቻቸውንና የማስታወቂያ ቪዲዮዎቻቸውን የያዘ ማኅደር፣ ፎልደር የሚሉትን፣ ትተው ነው የሄዱት። አንድ ላይ ሆነው ሜሞሪውን እስከ አፉ ሞሉት። ያ ማክሰኞ ሙቀቱን የሚጽፈው ፕሮግራም መጻፊያ ቦታ አጣና ቀጥ አለ፤ የመጨረሻው ቁጥር ስክሪኑ ላይ ቀረ።

«ምልክት ማንሳት ማጥፋት አይደለም» አለች ቴክኒሻኗ። «የበሩን ቁጥር ነው የነቀልሽው። ሰውየው ቤት ውስጥ ነው።»

እየሠራች አሳየቻት፤ ሲስተርም መዝገቡ ጀርባ ላይ ጻፈች። መጀመሪያ ሴቲንግ ውስጥ ገብቶ የእያንዳንዱን አፕ ዝርዝርና የያዘውን ቦታ ማየት። የጨዋታውን ዳታ ማጽዳት፣ ከዚያ አፑን ከዚያው ማራገፍ። እዚህ ላይ ነው ሰው ሁሉ ጨረስኩ ብሎ የሚነሳው፤ አላለቀም። ፋይሎቹ ወዳሉበት ገብቶ በጨዋታው ወይም በሠሪው ስም የቀሩ ማኅደሮችን መፈለግ፣ የወረዱ ፋይሎች የሚቀመጡበትንም መፈተሽ፣ የጨዋታው መሆናቸውን አረጋግጦ መሰረዝ። ያላወቁትን ማኅደር ግን አለመንካት፤ የሥራው ፕሮግራም ሊሆን ይችላል። የተሰረዘው የሚከማችበትን ቅርጫትም ባዶ ማድረግ። የጨዋታውን አካውንት መዝጋት፣ ራሱን መልሶ እንዳይጭን መከልከል። በመጨረሻ መሣሪያውን አጥፍቶ ማብራትና ባዶው ቦታ በእርግጥ መመለሱን በዓይን ማየት። ሁሉም አሥራ አምስት ደቂቃ አልፈጀም። ሲስተር ሰዓቷን አየች፤ አሥራ አምስት ደቂቃ ስንት ሕጻን እንደሚሆን ታሰላ ጀመር፣ ተወችው።

በማግስቱ አዲስ ክትባት በሌላ ማቀዝቀዣ መጣ። ማስጠንቀቂያ ተጻፈባት፤ ተቀብላ ፈረመች። ከዚያ ወንበሯን ስልኩ አጠገብ ጎትታ ከዝርዝሩ መጀመሪያ ደወለች። ለእያንዳንዷ እናት ጥፋቱ የእኔ ነው አለች፤ ማሽኑ ነው አላለችም። አንዳንዷ ሰደበቻት። አንዷ ስልኩን ዘጋችባት፣ ግን ልጇን ይዛ ከሁሉም ቀድማ መጣች። ሬዲዮ ሳትጠየቅ የዝርዝሩን ግማሽ ወሰደች፣ ድምፅዋም ለመጀመሪያ ጊዜ ለጥሩ ነገር ዋለ። በአሥር ቀን ውስጥ አርባ ሁለቱ ተመልሰው ተወጉ። የእህቷም ልጅ መጣች፤ በዚህኛው ጊዜ አለቀሰች።

አርባ ሦስተኛዋ አልተገኘችም። ስልኩ አይሠራም። የተመዘገበው ቤት ሌላ ሰው ተከራይቶታል፤ የቀድሞዎቹ ተከራዮች ወዴት እንደሄዱ የሚያውቅ የለም። ካርዷ ላይ ግን ምልክቱ አለ፤ ተከትባለች ይላል። የትም ብትሄድ ያንን ካርድ የሚያይ ሁሉ ያምነዋል። ሲስተር አራትን እንዳመነችው።

እኔ የምለው ይህን ነው። ስክሪን ላይ የማይታይ ሁሉ የለም ማለት አይደለም። ለሥራ የተሰጠ መሣሪያ ላይ ጨዋታ አትጫኑ። ከጫናችሁ ጠራርጋችሁ አውጡ፣ መውጣቱንም በዓይናችሁ አረጋግጡ። አጠፋሁት ያላችሁትን ነገር ዛሬ ከፍታችሁ እዩት፤ ነገ አትበሉ። መሣሪያ አራት ሲላችሁም ጎንበስ ብላችሁ ወለሉን እዩ።

አሁን የክፍሉ ቁጥር ይንቀሳቀሳል። ሦስት ነጥብ ዘጠኝ፣ አራት፣ አራት ነጥብ ሁለት። ሲስተር ቁጥሩን ከማየቷ በፊት ከሥሩ ያለውን ሰዓት ታነባለች፤ ብልቃጡን ታዞራለች፤ እማማንም ወለሉ እንዴት ነው ብላ ትጠይቃለች። ታብሌቱ ውስጥ የቀረ ነገር የለም። ሆኖም ክፍሉ ባዶ ሲሆን አንዳንዴ እጇን እየታጠበች ቀጥ ትላለች፣ ትሰማለች። ቅዳሜ ቅዳሜም ያልተገኘችውን ልጅ ስም የያዘች ወረቀት ኪሷ ውስጥ አድርጋ፣ ሰው አዲስ ቤት የተከራየባቸውን ሰፈሮች በር በር ታንኳኳለች።

«ዘጠኝ ወር የነበረች ልጅ» ትላለች በር ለከፈተላት ሁሉ። «አሁን ቆማ ሳትሄድ አትቀርም።»