ለአንዲት ዓረፍተ ነገር

በእንግሊዟ የባሕር ዳርቻ ከተማ በራምስጌት፣ ከወደቡ ሽቅብ በሚወጣው ጠባብ ጎዳና ላይ፣ በሯ ሰማያዊ በሆነች ቤት ውስጥ ሦስት ሰዎች ይኖሩ ነበር። ይኖሩ ነበር ማለትስ ይከብዳል፤ ሁለቱ ሲኖሩ ሦስተኛው ብቅ ጥልቅ ይል ነበር እንጂ! ይህ ሦስተኛው ሰው ሞሪስ ትሬድዌል ይባላል። ሥራው ተዋናይነት ነው። አርባ ስድስት ዓመት ሙሉ በመድረክ፣ በፊልምና በቴሌቪዥን የሠራው ግን የሌሎችን ታሪክ እያጀበ ነው፤ በር የሚከፍት አሽከር፣ ክፉ ዜና የሚያረዳ ሐኪም፣ ቄስ፣ የባቡር ጣቢያ ኃላፊ፣ ታሪኩ ገና ሳይጀመር ሞቶ የሚገኝ ሽማግሌ...። ፊቱን አገር ያውቀዋል፤ ስሙን ግን ማንም አያውቅም። ገበያ መሃል እያስቆሙ "የት ነው የማውቅህ? ባንክ ቤት ነበር የምትሠራው?" ይሉታል። እሱም በኩራት ባርኔጣውን ያነሣል። ምኑ ነው የሚያኮራው? እኛ ጎረቤቶቹ እስከ ዛሬ አልገባንም!

ቤቱን የያዘችው ሚስቱ ዶሪን ነበረች። ቀን የትምህርት ቤት ምግብ ታበስላለች፣ ማታ ለራሷ ቤት ታበስላለች፣ ልጇን ግሌኒስን ታሳድጋለች። ስልክ በጮኸ ቁጥር ሞሪስ ከወንበሩ ይፈናጠራል። ሥራ የሚያገኝለት ወኪሉ ነው። "ትንሽ ሚና ናት፣ ግን ጥሩ ናት!" እያለ ሞሪስ ሻንጣውን ያነሣል። ሁልጊዜ ትንሽ ናት፣ ሁልጊዜ ጥሩ ናት!

ግሌኒስ ያገባች ዕለት እንኳ ሞሪስ ዮርክሻየር ውስጥ ቄስ ሆኖ ሰው እያጋባ ነበር። ዝናብ ቀረጻውን አዘገየውና ልጅቱ የእናቷን ወንድም ክንድ ይዛ ቤተ ክርስቲያን ገባች። በማግስቱ አበባ ይዞ መጣ።

"ዝናቡ እኮ ነው ልጄ!"

"አባዬ፣ የውሸት ሙሽሮች ስታጋባ ውለህ የእውነቷን ረሳህ!"

"አልረሳሁም፤ ውል ፈርሜ ነው እንጂ..."

"ኤዲያ! እማዬ እንዴት ቻለችህ በእግዚአብሔር?"

ዶሪን ግን ቻለችው። መቻል ደግሞ ሰውን ከውስጥ ይበላል። ስልሳ ዓመት ሳይሞላት እጇ መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ ቀጥሎ እግሯ። ስኒ ከእጇ እየወደቀ ይሰበራል፣ የልብሷን ቁልፍ መቆለፍ ያቅታታል፣ ደረጃ መውጣት ጭንቅ ይሆንባታል። ሞሪስ አጠገቧ ተንበርክኮ "ይህቺ የመጨረሻዬ ናት" ብሎ ማለላት። ከዚያ በኋላ አምስት የመጨረሻዎች መጡ! ስድስተኛዋ ከስኮትላንድ መጣች፤ የሦስት ቀን ሥራ፣ የአንድ ሽማግሌ ዓሣ አጥማጅ ሚና።

"ስንት ቃል አለህ?" አለችው ዶሪን።

"አንድ ዓረፍተ ነገር ናት። ግን ታሪኩ የሚዞረው በሷ ነው!"

"በል ሂድ። ቅር ብል ሦስቱን ቀን አኩርፈህ ልትቀመጥብኝ አይደል? ከበሽታው ያንተ ኩርፊያ ይብሳል። ብቻ ለግሌኒስ ደውልላት፤ መጥታ ትደር ከኔ ጋር።"

"ከጣቢያው እደውልላታለሁ" አለ። ጣቢያ ደረሰ፣ ባቡር ተሳፈረ፣ መንገዱን ሙሉ ያቺን ዓረፍተ ነገር አንዴ በቀስታ፣ አንዴ በሲቃ ሲያጠና ዋለ። መደወሉን ረሳው... አንዲት ስልክ!

በማግስቱ ጠዋት ዶሪን ከደረጃው ወደቀች። ጎረቤቷ ሚስስ ኢቦትሰን ደርሳ ያገኘቻት ከቀኑ በአሥር ሰዓት ነው። ያን ሁሉ ሰዓት በቀዝቃዛው ወለል ላይ ምን እያሰበች ተኛች? ማንን ጠራች? መልእክቱ ለሞሪስ ሲደርሰው ባሕር ዳር ለቀረጻ ቆሞ ነበር። "አንዴ ልናገራትና እሄዳለሁ" አለ። ደመና መጣ፣ ነፋስ መጣ፣ ድምፅ ተበላሸ፤ አሥራ አራት ጊዜ ደገሟት። ሆስፒታል ሲደርስ አልጋው ባዶ ነበር። ግሌኒስ ኮሪደሩ ላይ የእናቷን ካፖርት አቅፋ ቆማለች።

"ማን አለ ብለህ ጥለሃት ሄድክ?"

"ልደውልልሽ ነበር..."

"ነበር! ዕድሜህን ሙሉ ነበር! በል ንገረኝ፣ ያቺን ዓረፍተ ነገርህን ንገረኝ። እናቴ የሞተችባትን ልስማት!"

"'መርከቢቱ አልተመለሰችም።'"

"በቃ?"

"በቃ።"

ግሌኒስ ካፖርቱን እንዳቀፈች ወጥታ ሄደች፤ ለስድስት ዓመትም ድምፅዋን አላሰማችውም። ፊልሙ ሲወጣ ሞሪስ ብቻውን ሲኒማ ቤት ገባ። ያቺ ዓረፍተ ነገር ተቆርጣ ወጥታለች! ጀርባው ብቻ ከሩቅ ይታያል። እንዲህ ያለውን ነገር ምን ይሉታል? ሰው በየትኛው ግድግዳ ላይ ጭንቅላቱን ይምታ?

ከዚያ ወዲህ የማስታወስ ኃይሉ እየሳሳ ሄደ። በአንድ ትንሽ ቴያትር ቤት ዳኛ ሆኖ ፍርዱን ሊያነብ ሲል ቃሉ ጠፋው። ሕዝቡ ሳቀ። ሥራ ያኔ አበቃ፤ መሄድ ግን አላበቃም። በየጠዋቱ ባዶ ሻንጣ ይዞ ጣቢያ ይቆማል። በመጨረሻ ሚስስ ኢቦትሰን ካንተርበሪ ለምትኖረው ግሌኒስ ደወለች።

"የኔ ልጅ፣ በደሉን አልረሳሁም። ግን ዛሬም በሌሊት ልብሱ ጣቢያ ቆሞ 'መኪና ይልኩልኛል' ይላል። ሰባ ዘጠኝ ዓመቴ ነው፣ አልቻልኩትም! ነይና አባትሽን ውሰጂልኝ!"

ግሌኒስ መጣች። ስድስት ዓመት ያጠራቀመችውን ቁጣ በአንድ ትንፋሽ ልታፈስበት መጣች። እሱ ግን ቀና ብሎ አይቷት፣ የመድረክ ልብስ የምታለብሰው ሠራተኛ መስላው እጁን ዘረጋ።

"ካፖርቴን አመጣሽ?"

"አባዬ፣ ግሌኒስ ነኝ!"

"ደስ የሚል ስም ነው። በስንተኛው ገቢር ነው የምትገቢው?"

በምን ይቆጡታል? የበደለውን የማያውቅ በደለኛ የት ይከሰሳል? ጥርሷን ነክሳ ወደ ቤቷ ወሰደችው። ታለብሰዋለች፣ ያወልቃል፤ ታስቀምጠዋለች፣ ሻንጣ ፍለጋ ይነሣል። "እባክህ ተቀመጥ!" እያለች ትጮሃለች፣ መልሳ ታፍራለች፣ መልሳ ትጮሃለች።

አንድ እሑድ ከሰዓት ቴሌቪዥኑ አሮጌ ፊልም ያሳይ ነበር። አንድ አሽከር በር ይዞ ቆሟል፤ ሞሪስ ራሱ ነው፣ ገና ጎልማሳ ሳለ። ሽማግሌው ትክ ብሎ አየውና ግንባሩን ቋጠረ።

"ይሄ ሰውዬ ትናንትም እዚያ ነበር። ቤተሰብ የለውም እንዴ?"

ግሌኒስ የምታጥፈው ልብስ ከእጇ ወደቀ። "አለው። ሚስትና ልጅ አለው።"

"ታዲያ እዚያ ምን ይጎልተዋል? አይናደዱበትም?"

"በጣም እንጂ! በጣም ይናደዱበታል።"

"ልክ ናቸው" አለ ራሱን እየነቀነቀ። ቀጥሎም "ሂጂ ንገሪው። ወደ ቤቱ ይሂድ። ሴትየዋ ብቻዋን ናት" አላት።

ያን ጊዜ ግሌኒስ ተንበርክካ አንገቱን አቀፈች። እናቷ ስትሞት ያላፈሰሰችው እንባ ሁሉ ትከሻው ላይ ፈሰሰ። እሱ ግራ ተጋብቶ ጀርባዋን መታ መታ አደረጋት። "ቀስ በይ እንጂ፣ ልብሱ ረጠበ! ገና ለብሼው መድረክ ላይ እወጣለሁ።" እያለቀሰች ሳቀች።

ከዚያ እሑድ በአሥራ አንደኛው ቀን ከወጥ ቤት ጮኸች፤ "አባዬ፣ ሾርባው ቀዘቀዘ እኮ! ስንቴ ልጥራህ?" ልትቆጣው ወጣች። ወንበሩ ላይ፣ መስኮቱ ሥር፣ አገጩ ደረቱ ላይ ዘንበል ብሎ አርፏል። አጠገቡ ቁጭ አለች፣ የቀዘቀዘ እጁን ያዘች፣ "አንተ ሰውዬ፣ አሁንስ አበዛኸው!" አለችው።

አይ ዕጣ ፈንታ! አርባ ስድስት ዓመት የሸሸውን ቤት የመለሰችለት፣ ቤት መሆኑን የሚያውቅበትን ልብ ከነሣችው በኋላ ነው። ጥፋቱን ሳያውቅ ተናዘዘ፣ ይቅር መባሉን ሳያውቅ ሄደ። የልጅቱ ዕጣስ ከዚህ ይሻላል? ሕይወቷን ሙሉ አባት ጠብቃ፣ አሥራ አንድ ቀን ተሰጣት። ይበቃል እንዴ? አይበቃም! ግን ሌላ አልነበረም፤ እሷም አሥራ አንዱን ቀን አንድ በአንድ ይዛ ቀረች።